የአሥራ አንድ ተኩሉ አውቶቡስ

ባለፈው ቅዳሜ ስንቅ ልቀበል ሞጣ መናኸሪያ ሄጄ ነበር። እናቴ በአውቶቡስ ረዳት እጅ ሽሮና የሽምብራ ቆሎ ትልክልኛለች፤ ሞጣ ቤት ተከራይቼ መማር ከጀመርኩ ወዲህ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ መናኸሪያ መቆም ልማዴ ሆኗል። ዝናቡ ያካፋ ስለነበር ከትኬት መቁረጫው ጣሪያ ሥር ተጠልዬ ስጠብቅ፣ አጠገቤ የነበሩ አንዲት አሮጊት ግድግዳው ላይ የተለጠፈውን ወረቀት ቀና ብለው አዩና ተራ አስከባሪውን በዣንጥላቸው ጫፍ ነካ አደረጉት።

"ልጄ፣ ምን ይላል?"

"የመነሻ ሰዓት ሊቀየር ታስቧል ነው የሚለው፣ እማማ። አስተያየት ያለው እስከ ዓርብ ድረስ መጥቶ ይናገር ይላል።"

"ማንም ሰው?"

"ማንም።"

"እኔም?"

"እርስዎስ ከማን ያንሳሉ!"

"እንግዲያው ዓርብ እመጣለሁ" አሉና ዣንጥላቸውን ዘርግተው ወጡ። ተራ አስከባሪው ሳቀ። እኔም ፈገግ አልኩ፤ የእኔ ፈገግታ ግን የሌላ ነገር ነበር። ከአራት ዓመት በፊት እዚያ ግድግዳ ላይ "ሊቀየር ታስቧል" የሚል ወረቀት ተለጥፎ አያውቅም። የሚለጠፈው "ተቀይሯል" የሚል ብቻ ነበር። ቆሎዬን ተቀብዬ ወደ ቤት ስመለስ መንገዱን ሁሉ ያንን ጊዜ እያሰብኩ ነበር፤ ማታውኑ ደብተር ገዝቼ ይኼን መጻፍ ጀመርኩ። አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሞላት ልጅ "ትዝ ይለኛል" ስትል የሚስቁ አሉ። ይሳቁ፤ እኔ ትዝ ይለኛል።

መንደራችን ከብቸና ወደ ደብረ ወርቅ በሚወስደው መንገድ ዳር ናት። በእኛ ዘንድ ያለው ትምህርት ቤት ስምንተኛ ክፍል ላይ ያበቃል፤ ዘጠነኛ ክፍል የሚማር ብቸና መሄድ አለበት። አብዛኞቹ ልጆች እዚያው ቤት ተከራይተው እሑድ እሑድ ስንቃቸውን ተሸክመው ይሄዳሉ። አባዬ ግን ይኼን አልፈቀዱም። "አሥራ አምስት ዓመት ሳይሞላት ብቻዋን በር ዘግታ አታድርም" አሉ፤ አባዬ አንድ ነገር ሁለት ጊዜ አይናገሩም። ስለዚህ ትምህርቴ ሁሉ በአንዲት አውቶቡስ ላይ ተንጠለጠለ። አውቶቡሷ ከሞጣ ማለዳ አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ተነስታ፣ እኛ ዘንድ አንድ ሰዓት ከሩብ ሲል ታልፍና፣ ለሁለት ሰዓት ሩብ ጉዳይ ሲሆን ብቸና ትገባለች። የትምህርት ቤቱ በር የሚዘጋው ልክ ሁለት ሰዓት ላይ ነው። ሚኒባሶቹ ካልሞሉ አይንቀሳቀሱም፤ ከሞሉ ደግሞ መንደራችን ስትደርስ ፍሬን አይነኩም።

ያን ጊዜ የነበረኝን ጠዋት ዛሬም እናፍቃለሁ። ከጮቄ በኩል የሚመጣው ብርድ ጆሮ ይቆርጣል። እናቴ ከምድጃው ያወጣችውን ቆሎ ሳይቀዘቅዝ ኪሴ ውስጥ ትጨምርልኛለች፤ መጀመሪያ እጄን አሞቅበታለሁ፣ ከዚያ እበላዋለሁ። ባሕር ዛፎቹ ሥር ቆሜ መንገዱን ስመለከት መጀመሪያ የሚታየኝ የአውቶቡሷ መብራት ነው፣ ቀጥሎ አቧራው፣ ቀጥሎ ደግሞ የሾፌሩ የጌትነት እጅ። ጌትነት ከሩቅ ሲያየኝ እጁን በመስኮት ያወጣል። በአምስት ወር ውስጥ አንድም ቀን አርፍጄ አላውቅም።

በየካቲት አንድ ሰኞ አውቶቡሷ ቀረች። ሁለት ሰዓት አለፈ። ቆሎው ኪሴ ውስጥ ቀዘቀዘ። ተበላሽታ ይሆናል ብዬ ሳስብ፣ ለሦስት ሰዓት ሩብ ጉዳይ ሲሆን ምንም እንዳልሆነ ሰው ዘና ብላ መጣች።

"ምን ሆናችሁ?" አልኩት ረዳቱን ገና አንድ እግሬን ሳነሳ።

"ምን እንሆናለን? ሰዓት ተቀይሯል። ከሞጣ የምንነሳው አንድ ሰዓት ላይ ነው። አልሰማሽም?"

"ማን ነግሮን?"

"ሞጣ ተለጥፏል።"

"እኛ ያለነው ሞጣ ነው እንዴ?"

"ታዲያ እኔ ምን ላድርግሽ፣ አንቺ ተማሪ? ግንባሬ ላይ ልለጥፍልሽ?"

ተሳፋሪው ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም። ብቸና ስደርስ ሦስት ሰዓት ከሩብ ሆኖ ነበር፤ የሒሳብና የእንግሊዝኛ ክፍለ ጊዜ አልፏል፤ ዘበኛው በሩን አልከፍትም ብሎ ለእረፍት ሲደወል ነው የገባሁት። ማክሰኞም እንደዚያው፣ ረቡዕም እንደዚያው ሆነ። በሁለተኛው ሳምንት የክፍላችን ኃላፊ መምህር ጠሩኝ። ሰውየው ክፉ አልነበሩም። "የኔዓለም፣ ጥፋቱ ያንቺ እንዳልሆነ ገብቶኛል" አሉኝ። "ነገር ግን በየቀኑ ሁለት ክፍለ ጊዜ የቀረች ልጅ ፈተና ላይ ልትቀመጥ አትችልም። እስከ ፋሲካ እታገሥሻለሁ። ከዚያ በኋላ ስምሽን መዝገብ ላይ ማቆየት አልችልም።"

ለአባዬ ነገርኳቸው። አባዬ የጅራፋቸውን እጀታ ሲጠርቡ ነበር፤ ቢላዋው ቆም አለ። "እስከ ፋሲካ እንይ" አሉ። "ካልሆነ እንግዲህ ቤት ትቀመጫለሽ።" በቁጣ ቢሉት ኖሮ እከራከር ነበር። ያሉት ግን በጣም ዝግ ባለ ድምፅ ነበር፤ በዚህ ድምፅ የተባለ ነገር ደግሞ ያስፈራል።

"ሞጣ ላለው ቢሮ ማመልከቻ እጽፋለሁ" አልኳቸው።

"ተይው።"

"ለምን?"

"ቢሮ የወሰነው አይመለስም። ደግሞ…" አሉና ወደ ቢላዋቸው አቀረቀሩ። "ተይው ብያለሁ።"

ቢሮ ፈርተው መሰለኝ። ገበሬ ቢሮ ቢፈራ አይፈረድበትም፤ ዛሬ ሂድ ነገ ና የሚባለው እሱ ነውና። እኔ ግን ያን እሑድ ጎተራው ጥላ ሥር ተቀምጬ ሦስት ገጽ ጻፍኩ። እውነቱን ለመናገር ስጽፍ ደስ ብሎኝ ነበር። ስለ ጎህ ጽፌያለሁ፣ ስለ ወፎቹ ጽፌያለሁ፣ "የዕውቀት ጮራ" የሚል ነገርም ሳይኖርበት አልቀረም። ሁለት ቦታ ላይ ራሴን አስለቅሼያለሁ።

በማግሥቱ በእረፍት ሰዓት ወረቀቴን ይዤ ወደ ጋሽ ምናለ ሄድኩ። ጋሽ ምናለ ብቸና ፍርድ ቤቱ ፊት ለፊት፣ አንድ ሱቅ በረንዳ ላይ ጉልበታቸው ላይ ጣውላ አስቀምጠው ለባለጉዳይ ማመልከቻ የሚጽፉ ራፖር ጻፊ ናቸው። የዐቢይ ጾም ስለነበር ከጎናቸው በላስቲክ ጠርሙስ የሱፍ ውሃ ነበራቸው። ሦስቱንም ገጽ ጸጥ ብለው አነበቡ። አንዴ ሳላቸው፤ ሳል ይሁን ሳቅ አልለየሁትም።

"ማነው ያስተማረሽ እንዲህ መጻፍ?"

"ራሴ ነኝ" አልኩ ደረቴን ነፋ አድርጌ።

"ጥሩ ነው። ወፎቹን ለሌላ ጊዜ አቆዪያቸው። አሁን ንገሪኝ፣ ምንድነው የምትፈልጊው?"

"ሰዓቱ እንዲመለስ።"

"ሰዓቱን የሚደለድለው ቢሮው ነው። 'ሥልጣናችን ነው' ይሉሻል፣ እውነታቸውን ነው። ሌላስ?"

ጋሽ ምናለ ከጠርሙሳቸው ተጎነጩ። "ሰዓቱ ሲቀየር እናንተ መንገድ ላይ ያላችሁት ተጠይቃችኋል?"

"ኧረ ማን ጠየቀን!"

"ምክንያቱስ ተነግሯችኋል?"

"ረዳቱ ግንባሬ ላይ ልለጥፍልሽ ወይ አለኝ።"

"በቃ፣ እሱን ጻፊ። ግንባሩን ሳይሆን አለመጠየቃችሁን። ሰዓቱ የእነሱ ነው፤ ሳይወሰንብሽ በፊት መጠየቅ ግን የአንቺ ነው። ይኼን የሚክድ ቢሮ ቢኖር እንኳ አፉን ሞልቶ አይክድም።" እስክሪብቶውን አቀበሉኝ እንጂ ራሳቸው አልጻፉልኝም። "አንቺው ጻፊው። የራስሽን ነገር ራስሽ ከጻፍሽው ሲጠይቁሽ አትደናገሪም።"

ሦስቱ ገጽ ስምንት መስመር ሆነ። መጨረሻው እንዲህ ይላል፦ "ሰዓቱ ሲቀየር በመንገዱ ላይ የምንሳፈር ሰዎች አልተጠየቅንም፤ ምክንያቱንም የገለጸልን የለም። ተጠይቀን፣ የእኛም ሐሳብ ተሰምቶ እንደገና እንዲወሰን እናመለክታለን።" ስምንት መስመር ብቻ ሆኖ ከሦስቱ ገጽ የበለጠ ከባድ እንዴት እንደሆነ ገረመኝ። ያን ቀን ስለ መጻፍ የተማርኩትን ያህል በዓመቱ ሁሉ አልተማርኩም ብል ማጋነን አይሆንም።

ፊርማ ለማሰባሰብ ከቤት ቤት ዞርኩ። ብቸና ጤና ጣቢያ የምታጸዳው ጎረቤታችን ፈረመች፤ እሷም ሰዓት እየረፈደባት ነበር። እናቴ ፈረመች። አሥራ ዘጠኝ ሰው ፈረመ። የሄድኩበት ሁሉ ግን አንድ ጥያቄ ነበር፦ "አባትሽ የት ላይ ነው የፈረመው?" አባዬ አልፈረሙም። ወረቀቱን ሳቀርብላቸው ተነስተው ከብት ሊያጠጡ ወጡ፤ ከብቶቹ ደግሞ ገና ከወንዝ መመለሳቸው ነበር። ያን ጊዜ የተሰማኝን እናገራለሁ፤ አፈርኩባቸው። አባቴን ፈሪ ብዬ በልቤ ሰደብኳቸው።

ወረቀቱን የማደርስበት ቀን ሐሙስ ነበር። ከጎረቤታችን ጋር ልሄድ ተቀጣጥረን፣ ገና ከደጅ ስወጣ አባዬ ጋቢያቸውን ለብሰው፣ ዱላቸውን ይዘው ባሕር ዛፎቹ ሥር ቆመዋል።

"የት ሊሄዱ ነው?"

"ሞጣ።"

ጎረቤታችን "አባትሽ ካሉማ" ብላ ወደ ሥራዋ ሄደች። እንደ ዕድል ሚኒባስ ተገኘ። ደብረ ወርቅን አልፈን ሞጣ እስክንገባ ድረስ መስኮቱን እያዩ ሄዱ። እናቴ በቂጣ የጠቀለለችውን ተልባ አወጣሁላቸው፤ "ብይ" አሉኝ እንጂ እሳቸው አልቀመሱም። ውጭው የታጨደ የጤፍ ማሳ ነበር፤ ጥቁሩ መሬት በፀሐይ ተሰነጣጥቆ ክፍተቱ ውስጥ እግር ያስገባል። አባዬ እንዲህ ያለ መሬት ሲያዩ ስለ ዝናብ ሳይናገሩ አልፈው አያውቁም ነበር። ያን ቀን አለፉ።

ቢሮው መናኸሪያው ግቢ ውስጥ ነው። ኃላፊዋ መነጽራቸው በገመድ አንገታቸው ላይ የተንጠለጠለ፣ ድምፃቸው ረጋ ያለ ሴት ናቸው። ማመልከቻውን ሁለት ጊዜ አነበቡት።

"ማን ነው የጻፈው?"

"እኔ ነኝ።"

"ራፖር ጻፊዎች እንዲህ አያሳጥሩም" አሉ። ጆሮዬ እስኪሞቅ ደስ አለኝ። ደስታዬ ግን ወዲያው ከሰመ። "አንድ ነገር ግን ትክክል አይደለም፣ ልጄ። አልተጠየቅንም ብለሻል። ተጠይቃችኋል። ስብሰባ ተደርጓል፣ ቃለ ጉባኤ አለ።" ከመደርደሪያው አንድ ፋይል አወረዱና አነበቡልኝ፦ ከተሳፋሪዎች የተውጣጡ ሰባት ሰዎች በተገኙበት ሰፊ ውይይት ተደርጎ፣ በሙሉ ድምፅ ተወስኗል። ከዚያ የተሰብሳቢዎቹን የስም ዝርዝር ወደ እኔ አዞሩት።

ሦስተኛው መስመር ላይ ዓይኔ ቆመ። ዋለልኝ ይላል። ከአጠገቡ ያለችውን ፊርማ ማንም ባይነግረኝ አውቃታለሁ፤ መጨረሻዋ እንደ ላም ጅራት ወደ ታች ይረዝማል። ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ የውጤት ካርዴ ላይ ያለችው ፊርማ ናት።

ወደ አባዬ ዞርኩ። ባርኔጣቸውን አውልቀው ደረታቸው ላይ ይዘዋል።

"የኔ ናት" አሉ።

"አባዬ?"

"በጥር ወንድሜን ሐኪም ቤት ልጠይቅ መጥቼ አልነበር? ልመለስ እዚህ ግቢ አውቶቡስ ስጠብቅ፣ አንድ ልጅ መጣና 'ተሳፋሪዎች፣ ስብሰባ አለ፣ ግቡ' አለን። ገባን። ወንበር ሰጡን። ወዲያው ወረቀት ዞረ፤ ስማችሁን ጻፉ፣ ፈርሙ ተባልን። ስብሰባ ላይ መጀመሪያ የሚዞረው ወረቀት አይደል? የመጣ ሰው ሁሉ ይፈርማል፣ ፈረምኩ። ሰውየው ገና ስለ አጀንዳው ሲናገር ውጭ ጥሩንባ ተነፋ።"

"የምን ጥሩንባ?" አሉ ኃላፊዋ።

"የአውቶቡሷ ነዋ! ሰዓቷ ደረሰ። ብቀር የት አድራለሁ? ብድግ ብዬ ሮጥኩ። ስድስቱም ከኋላዬ ሮጡ።"

ኃላፊዋ መነጽራቸውን አወለቁ። "ሲወሰን ታዲያ አልነበሩም?"

"ሲወሰን እኔ ደብረ ወርቅን አልፌ ነበር።"

ስለ አውቶቡስ ሰዓት ሊጠየቁ የተጠሩት ሰዎች አውቶቡሱ እንዳያመልጣቸው ከስብሰባው ሮጠው ወጥተዋል። ስማቸው ግን ተቀምጦ ተስማምቷል። ዛሬ ሳስበው ያስቀኛል። ያኔ ግን ማየት የቻልኩት የአባዬን እጆች ብቻ ነበር፤ ባርኔጣውን ያዞሩታል፣ ያዞሩታል።

"ለምን አልነገሩኝም?" አልኳቸው።

"ሰዓቱ መቀየሩን ስትነግሪኝ ነው ያ ስብሰባ ምን እንደነበረ የገባኝ። ፈርሜያለሁ እኮ፣ ልጄ። ወረቀት ላይ ፊርማዬ ካለ እኔ ነኝ ማለት ነው። ከትምህርት ቤት ያስቀረኝ አባቴ ነው ብትዪስ? ባንቺ ወረቀት ላይ ደግሞ 'አልተጠየቅሁም' ብዬ ብፈርም፣ አንዱ ፊርማዬ ሌላውን ውሸታም አያደርገውም?"

ፈሪ ብያቸው ነበር፤ ሰውየው ግን ሁለት ወረቀት ላይ ሁለት ሰው መሆን ነው ያልፈለጉት። ደግሞም ያን ጠዋት ሚኒባስ ላይ ሲሳፈሩ ፋይሉ እንደሚከፈት ያውቁ ነበር።

ኃላፊዋ "ፈርመዋል፣ አለቀ" ሊሉን ይችሉ ነበር። ብዙ ቢሮ እንደዚያ ይላል። እሳቸው ግን የመውጫ መዝገቡን አስመጡ፤ እያንዳንዱ አውቶቡስ ከግቢው የወጣበት ሰዓት የሚጻፍበት ትልቅ ደብተር ነው። የስብሰባውን ቀን በጣታቸው ፈለጉ። አውቶቡሷ የወጣችው ሰባት ሰዓት ተኩል ላይ ነው። ቃለ ጉባኤው ደግሞ ስብሰባው ሰባት ከሩብ ተጀምሮ ዘጠኝ ሰዓት ካለፈ በኋላ ማለቁን ይናገራል። ኃላፊዋ ሁለቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን አድርገው ቆዩና "ጌትነት ገብቶ እንደሆነ ጥሩልኝ" አሉ።

ጌትነት ከብቸና መመለሱ ነበር፤ ግማሽ ዳቦ በእጁ ይዞ ገባ። አባዬን ሲያይ ዳቦውን ወደ ኋላው ደበቀ። "ጋሽ ዋለ! በደህና ነው?"

"እነዚህን ሰዎች ከስብሰባ የጠራሃቸው አንተ ነህ?" አሉት ኃላፊዋ።

"ነኝ። ሰዓቴ ደርሶ ነበር። ብዘገይ የምትቀጡኝ እናንተ ናችሁ።"

"ሰዓቱ ወደ አንድ ሰዓት እንዲገፋ የጠየቅኸውስ?"

"እሱም እኔ ነኝ" አለ ዓይኑን ሳይሰብር። "ክረምት ላይ ሌሊት ስነሳ ጉሙ መንገዱን ይውጠዋል። ባለፈው ሐምሌ ከፊቴ በሬ መኖሩን ያወቅሁት ከገጨሁት በኋላ ነው። ሰው ቢሆንስ ኖሮ? አርባ ሰው ጭኜ ነው የምሄደው።"

እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ሰዓቱን የቀየረው ሰው በሐሳቤ እንቅልፋም ክፉ ሰው ነበር። ጌትነት መሆኑን፣ ያ እጁን በመስኮት የሚያወጣልኝ ጌትነት መሆኑን አልገመትኩም። ምክንያት ይኖረዋል ብዬም አላሰብኩም። እና ከአፌ እንዲህ የሚል ነገር ወጣ፦ "ሐምሌና ነሐሴ ትምህርት የለም እኮ።"

"እንዴት የለም?"

"ዝግ ነዋ! ተማሪ የለም።"

ጌትነት ወደ ኃላፊዋ ዞረ፣ ኃላፊዋ ወደ እኔ ዞሩ። "ታዲያ ይኼን ለምን አትነግሩንም ነበር?" አለ ጌትነት።

"ማን ጠይቆን?"

አባዬ ሳቁ። ለሁለት ሳምንት ሳቃቸውን አልሰማሁም ነበር።

እኔ ነገሩ ያኔውኑ ያለቀ መስሎኝ ነበር። ኃላፊዋ ግን ፋይሉን ዘጉና "ዛሬ አልወስንም" አሉ። ተናደድኩ። "እውነቱ ወጣ አይደል እንዴ?" አልኳቸው፤ አባዬ በክርናቸው ጎሸም አደረጉኝ። ሴትዮዋ አልተቆጡም። "የእናንተ እውነት ወጣ። እዚህ ያልመጡትስ? ከእናንተ በታች ባለው መንደር ያለው ነጋዴ፣ ሞጣ ሐኪም ቤት የሚመላለሰው በሽተኛ? አሁን ከአንቺና ከጌትነት ጋር ተስማምቼ ብወስን፣ ያንኑ ስህተት በሌላ ሰው ላይ መድገሜ ነው። እንደገና ስብሰባ ይደረግ። እስከዚያ ድረስ በድሮው ሰዓት ትነሳለች።" ያኔ ቃላቸው ማስታገሻ መሰለኝ። ዛሬ ግን በሕይወቴ ከሰማኋቸው የቢሮ ንግግሮች ሁሉ የማከብረው ይኼን ነው።

ስብሰባው የተደረገው እኛ መንደር፣ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ፣ ምንም አውቶቡስ በማይነሳበት ሰዓት ነበር። ማስታወቂያው ከሳምንት በፊት በየመንደሩ ሱቅ በር ላይ ተለጥፎ፣ ቤተ ክርስቲያን ደጅም ተነቦ ነበር። ኃላፊዋ ራሳቸው መጡ። ጌትነት ስለ ጉሙና ስለ በሬው ተናገረ፤ ሰዉ አዘነለት። ጎረቤታችን ስለ ጤና ጣቢያው ተናገረች። እኔ ስለ በሩና ስለ ሒሳቡ ተናገርኩ። አንድ ሽማግሌ ስለ አውቶቡሷ መቀመጫ ጥበት ረዥም ንግግር አደረጉ፤ አጀንዳው እሱ ባይሆንም ማንም አላቋረጣቸውም። የስም ዝርዝሩ የዞረው መጨረሻ ላይ፣ ውሳኔው ጮክ ተብሎ ከተነበበ በኋላ ነው።

የተወሰነው እኔ የጠየቅሁት አልነበረም። ሐምሌና ነሐሴ አንድ ሰዓት፣ በቀሩት ወራት ደግሞ ለአሥራ ሁለት ሩብ ጉዳይ ሆነ፤ ጌትነት መንገዱን በጎህ ብርሃን እንዲያይ ሩብ ሰዓት ተጨመረለት። ያቺ ሩብ ሰዓት ለእኔ ሩጫ ሆነች። አውቶቡሷ ብቸና ስትገባ ልክ ሁለት ሰዓት ስለሚሆን፣ ከመናኸሪያ እስከ ትምህርት ቤት ደብተሬን ደረቴ ላይ አቅፌ እበር ነበር። ዘበኛው መጀመሪያ አካባቢ ፊቴ ላይ ይዘጋው ነበር፤ በኋላ ግን ሩጫዬን ከሩቅ ሲያይ "ነይ! ነይ! ቶሎ!" እያለ በሩን ገርበብ አድርጎ ይጠብቀኝ ጀመር። ውሳኔው በደብዳቤ ሲመጣ ሩብ ሰዓቱ ለምን እንደተጨመረ ተጽፎበታል። አባዬ ሁለት ጊዜ አስነበቡኝ። ከፋሲካ በኋላ ስሜ መዝገብ ላይ ነበር፤ እስከ አሥራ ሁለተኛ ክፍልም ቆየ።

ያንን ያህል እየሮጥኩ አንድ ቀን እንኳ በሩብ ሰዓቷ ተማርሬ አለማወቄን ሳስብ እገረማለሁ። ምናልባት ለምን እንደምሮጥ ስለማውቅ ይሆናል። በየካቲት ያን ሰኞ ያበሸቀኝ የአንድ ሰዓት ተኩል መዘግየት ብቻ አልነበረም፤ ባሕር ዛፍ ሥር የቆመች ልጅ መኖሯን ማንም አለማሰቡ ነበር። ሩብ ሰዓቷን ግን እኔ ባለሁበት፣ የጌትነትን ፊት እያየሁ ነው የሰጠሁት።

ትናንት እናቴ ደወለች። አባዬ ቀበሌ ስለ ማዳበሪያ አከፋፈል ስብሰባ ሄደው ነበር። እንደተለመደው ገና ሰው ሳይቀመጥ የስም ወረቀቱ ዞረ። አባዬ ስማቸውን ጻፉ፣ ያቺን ባለ ጅራት ፊርማቸውን ፈረሙ፣ ከዚያ ጎኗ ላይ በጥንቃቄ እንዲህ ብለው ጨመሩ፦ "መጥቻለሁ እንጂ ገና አልተስማማሁም።" ወረቀቱን የሚያዞረው ልጅ "ኧረ ጋሼ፣ ቦታውን ጨረሱት!" ብሎ ተቆጣ። አባዬም "አንተ ሰፋ አድርገህ አስምር" አሉት።

"ከዚያስ?" አልኳት እናቴን።

"ከዚያማ ወረቀቱ ዞሮ ሲመለስ፣ ከአባትሽ በታች የፈረመው ሰው ሁሉ 'እንደ ላይኛው'፣ 'እንደ ላይኛው' እያለ ጽፎ ተገኘ።"

ስልኩን ዘግቼ ብቻዬን ሳቅሁ። ከዚያ ይኼን ደብተር አውጥቼ፣ ያ ወረቀት ምን እንደሚመስል አሰብኩ፤ በቀበሌው ጠረጴዛ ላይ፣ ከላይ እስከ ታች፣ የመጡና ገና ያልተስማሙ ሰዎች ተሰልፈውበት። ሊቀመንበሩ እንግዲህ ስብሰባውን እውነተኛ ስብሰባ ከማድረግ በቀር ምን ምርጫ ነበረው?